«ዶፕ» ዕፅ ብቻ ነው እንዴ?

ጥያቄ፦ የምኖረው ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ነው። የልጄ ጓደኛ ስለ አዲሱ ጫማው «ዶፕ፣ ኖ ካፕ» ብሎ ጽፎለት አየሁ። መዝገበ ቃላቱ ዶፕን አደንዛዥ ዕፅ፣ ካፕን ኮፍያ ይላል። እንቅልፍ አጣሁ።

መልስ፦ አይዞሽ እህቴ! «ጫማህ አሪፍ ነው፣ የምሬን ነው» ነው ያለው። ዶፕ ከደች ቋንቋ የመጣ ቃል ነው፤ እዚያ ስጎ ማለት ነበር፣ እንግሊዝኛ ውስጥ ገብቶ መጀመሪያ ወፍራም ፈሳሽ፣ ቆይቶ ዕፅ ሆነ፣ እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ ደግሞ የሂፕ ሆፕ ልጆች ለወደዱት ነገር ሁሉ ይሉት ጀመር። እኛስ ያበደ ሰው ሳይኖር «እብድ ያለ ሰርግ» እንል የለ? ካፕ በጥቁር አሜሪካውያን አራዳ ቋንቋ ውሸት ነው፤ ኖ ካፕ ደግሞ «አልዋሸሁም»። ግን የዕፁ ትርጉም ዛሬም አለ። ወሬው ከጫማ አልፎ ስለ ማጨስ ከሆነ፣ ሳትቆጪ ቁጭ ብለሽ ጠይቂው።