የቻይና ሸክላ ሠሪዎች ይናቁ ነበርን?

ወንድማችን ያነሣው ጥያቄ እንዲህ ይላል፦ «በቻይና ነገሥታት ዘመን ሸክላ ሠሪው፣ ሸማኔውና አናጢው እንደ እኛ አገር ይናቁ ነበር ወይስ ይከበሩ ነበር? ሃይማኖታቸውስ ሙያውን እንዴት ያየው ነበር?» የሴራሚክ ምህንድስና የተማርኩት በጂያንግሺ ክፍለ ሀገር፣ ጂንግዴዠን በምትባል ከተማ ስለሆነ የማውቀውን ላካፍል።

ጥያቄው እኔንም ይነካኛል። አያቴ ሸክላ ሠሪ ነበረች። ምጣዷንና ጀበናዋን ይዛ ገበያ ስትወርድ፣ ዕቃዋን የሚገዟት እናቶች ራሳቸው ልጃቸውን ከዓይኗ በነጠላቸው ይሸሽጉ ነበር። ቻይና እንደ ደረስኩም መጀመሪያ የጠየቅሁት ይህንኑ ነበር፤ እናንተስ ቡዳ ትሏቸው ነበር?

አይሏቸውም ነበር። በኮንፊሺየስ ሥርዓት ሕዝቡ በአራት ይመደባል፤ የተማረው፣ ገበሬው፣ የእጅ ባለሙያው፣ ነጋዴው። ባለሙያው ሦስተኛ ቢሆንም ከነጋዴው ይቀድማል። በሕግ ዝቅተኛ ተብለው ከመንግሥት ፈተና የተከለከሉ ወገኖች ነበሩ፤ ባሮች፣ ተዋንያን፣ ሴተኛ አዳሪዎች። ሸክላ ሠሪው ከእነዚህ አይቆጠርም፤ ልጁ ተምሮ ፈተናውን ካለፈ ሹመት ያገኛል። ቀንበሩ ግን ሌላ ነበር። በሚንግ ዘመን (እ.ኤ.አ. 1368–1644) የባለሙያ ቤተሰብ በመዝገብ ተይዞ ሙያው በግዴታ ከአባት ወደ ልጅ ይተላለፋል፤ ተራው የደረሰም ለመንግሥት ያለ ደመወዝ ያገለግላል። በ1562 አገልግሎቱ በጥሬ ብር ክፍያ ተተካ። መዝገቡን ጨርሶ የሻረው በ1645 የቺንግ ሥርወ መንግሥት ነው።

ጂንግዴዠን ግንብ ያልታጠረባት፣ የአውራጃ መቀመጫ እንኳ ያልሆነች የገበያ ከተማ ነበረች። ስሟን ያገኘችው በ1004 ከንጉሡ የዘመን ስያሜ ነው። በአቅራቢያዋ ካለው የጋኦሊንግ መንደር ነጭ አፈር ይመጣል፤ ካኦሊን የሚለው ስም የወጣው ከዚያ ነው። ይህ አፈር በውኃ ኃይል በሚነሡ መዶሻዎች ከተወቀጠ ድንጋይ ጋር ይለወሳል። አያቴ አፈር ከመቆፈር እስከ መተኮስ ሁሉን ብቻዋን ትሠራ ነበር። እዚያ ግን አንዲት ስኒ ከሰባ በላይ እጅ ታልፋለች። የሥዕሉን መስመር የሚያወጣው ቀለም አይሞላም፤ ቀለም የሚሞላውም መስመር አያወጣም። በ1712 ስለ ከተማይቱ የጻፈ አንድ ፈረንሳዊ ቄስ ሌሊት ሲያያት በሞላ የምትነድ መስላ ታየችው። ለነገሩ ስኒ የሚለው ቃላችንም በዐረብኛው «ሲኒ» በኩል የመጣ ነው፤ የቻይና ማለት ነው።

ለቤተ መንግሥት የተሠራ ሳህን ገልብጣችሁ ብታዩ መቀመጫው ላይ ስድስት ፊደላት ታገኛላችሁ፤ «በታላቁ ሚንግ፣ በሹዋንዴ ዘመን የተሠራ» የሚል ዓይነት። ሰባዎቹ እጆች ስም የላቸውም።

አሁን ወደ ሃይማኖቱ ልምጣ። እያንዳንዱ ሙያ የራሱ ጠባቂ መንፈስ ነበረው፤ አናጢዎች ሉ ባንን ያከብራሉ። የጂንግዴዠን እቶን ሠራተኞች ያከበሩት ግን ከራሳቸው መካከል የወጣ ሰው ነው፤ ስሙ ቶንግ ቢን ይባላል። በ1599፣ በዋንሊ ንጉሥ ዘመን፣ ፓን ሺያንግ የተባለ ጃንደረባ ዘንዶ የተሣለባቸው ታላላቅ ጋኖች እንዲሠሩ አዘዘ። ጋኖቹ በእሳት ውስጥ እየተሰነጠቁ አስቸገሩ፤ ጃንደረባው ሠራተኞቹን በረሃብና በግርፋት አሠቃያቸው። በትውፊቱ እንደሚነገረው ቶንግ ቢን የጓደኞቹን ሥቃይ አይቶ ራሱን ከሚነደው እቶን ወረወረ፤ በማግስቱ ጋኖቹ ደኅና ወጡ። ታሪኩን ስሰማ ሠለስቱ ደቂቅ ትዝ አሉኝ። እነርሱን መልአክ አወጣቸው፤ እርሱን ግን ማንም አላወጣውም። ሠራተኞቹ መቅደስ ሠሩለት፤ የነፋስና የእሳት ጌታ ብለውም ሰገዱለት።

በ1728 ታንግ ዪንግ የተባለ የቤተ መንግሥት ሹም የንጉሡን እቶኖች እንዲቆጣጠር ተላከ። ስለ ሸክላ አንዳች አያውቅም ነበር። ወዳጅ ዘመድ መጠየቅ ትቶ ሦስት ዓመት ከሠራተኞቹ ጋር እየበላና እያደረ ሙያውን እንደ ተማረ ራሱ ጽፏል። የቶንግ ቢንን ታሪክ ጻፈ፤ ከዋንሊ ዘመን የተረፈ፣ የተበላሸና የተጣለ ባለ ዘንዶ ጋን አግኝቶም ከመቅደሱ አጠገብ አስቀመጠው። ይህን ሰው እወደዋለሁ። ሹም ሆኖ ከጭቃው አጠገብ የተቀመጠ ስንት አለ?

ሱዡ የምትባል ከተማ ሸማኔዎችም ተመሳሳይ ታሪክ አላቸው። በ1601 ጃንደረባ የጣለባቸው ግብር ቢመርራቸው ዐመፁ፤ ጌ ሺያን የተባለው መሪያቸው ሌሎች እንዳይያዙ ብሎ ራሱን ለመንግሥት አሳልፎ ሰጠ። ከሞት ተርፎ ከእስር ወጣ፤ ሕዝቡም ጄኔራል ጌ እያለ አከበረው።

ከኑሮ አንጻር የጠበቃቸው ማኅበራቸው ነበር። ጂንግዴዠን የስደተኞች ከተማ ናት፤ ብዙው ሠራተኛ በፖያንግ ሐይቅ ዳር ካለችው ከዱቻንግ የመጣ ነው። እንዲህ ያሉት የአንድ አገር ልጆች የጋራ አዳራሽ ይሠራሉ፤ የጠባቂያቸውን በዓል አብረው ያከብራሉ፤ የሞተባቸውን ይቀብራሉ ወይም አስከሬኑን ወደ አገሩ ይልካሉ። እድርን የሚያውቅ ሰው ይህን ለመረዳት ብዙ ማብራሪያ አያስፈልገውም።

አንድ ቀን የድሮ ዓይነት እቶን ሲቀጣጠል ለማየት ሄድኩ። የእቶኑ አለቃ ሽማግሌ ነው። ቴርሞሜትር የለውም፤ በቀዳዳው ወደ እሳቱ እንትፍ ይላል፤ ምራቁ እንዴት እንደ ተነነ አይቶ ሙቀቱን ያውቃል፤ ከ1300 ዲግሪ ብዙም የማይርቅ ሙቀት ነው። እሳቱ ከመለኮሱ በፊት ግን ዕጣን ይዞ ከቶንግ ቢን ምስል ፊት ሦስት ጊዜ ጎንበስ ብሎ ነበር። የዕጣኑ ሽታ የእኛን ባይመስልም፣ አያቴ ክምሯን ከመለኮሷ በፊት ታማትብ እንደ ነበር ያን ጊዜ ትዝ አለኝ።