ድንጋይ ይቃወማል ወይ?

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ የኤሌክትሪክ ምህንድስና ተማሪ ነኝ። ጎን ለጎን ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። በፈጠርኩት ዓለም ውስጥ «ሙሓዝ» የምለው አስማታዊ ኃይል በሰውም፣ በድንጋይም፣ በብረትም ውስጥ ይፈሳል። አንዳንዱ ነገር ያሳልፈዋል፣ አንዳንዱ ደግሞ ይይዘዋል። የሚይዘው ነገር ይግላል። ይህን መያዝ «ተቃዋሚ ኃይል» ብዬ ጻፍኩት። ጓደኛዬ አንብባው በሳቅ ፍርስ አለች። «ሰበቃ» ብለውስ? ደግሞ «አስማቶች» ማለት ስህተት ነው የሚሉኝ አሉ፤ እውነት ነው?

መልስ፦ በጓደኛሽ አትፍረጂ። እኔም ሳቅ አምልጦኛል። «ተቃዋሚ ኃይሎች በተራራው ውስጥ ተጠናክረዋል» የሚል ዓረፍተ ነገር ያገኘ አንባቢ፣ የሁለት ሰዓት ዜና የተከፈተ ነው የሚመስለው። ጠንቋዩ መግለጫ እስኪሰጥ ይጠብቃል።

የሚያሳዝነው፣ ቃሉ በትውልዱ ልክ ነበር። «ተቃወመ» የ«ቆመ» ዘመድ ነው፤ ፊት ለፊት መቆም ማለት ነው። አንቺ በትምህርት የምታውቂው የፊዚክስ ሊቅ ኦህም የኤሌክትሪክ ሕጉን እ.ኤ.አ. በ1827 በመጽሐፍ ሲያወጣ የጻፈው በጀርመንኛ ነው። ጀርመኖች የኤሌክትሪኩን መያዝ «ቪደርሽታንድ» ይሉታል። ቃሉ ቢፈታ «በአንጻር መቆም» ነው። እኛም ያው ሥር ነበረን፣ ግን ፖለቲካ ቀደመን። ዛሬ ለመቃወም አፍ ያስፈልጋል። ሰው ይቃወማል፣ ፓርቲ ይቃወማል። ድንጋይ አይቃወምም።

ድንጋይ ይቋቋማል። ይኸኛውም ከዚያው ከ«ቆመ» ቤት የወጣ ነው። «ድርቅን የሚቋቋም ዘር» እንላለን፤ ዘሩ ፈቃድም አፍም የለውም፣ ዝም ብሎ ይችለዋል። አንድ ነገር ብቻ ተጠንቀቂ። «ተቋቋመ» ሁለት ፊት አለው። «የአፍሪካ አንድነት ድርጅት በ1955 ዓ.ም. ተቋቋመ» ስንል ተመሠረተ ማለታችን ነው። «ድንጋዩ ሙሓዙን ተቋቋመ» ስንል ግን ቻለ፣ አልተበገረም ማለት ነው። የሚለያቸው ያቺ ትንሽ «ን» ናት። እሷን ረስተሽ «በዋሻው ውስጥ ሙሓዝ ተቋቋመ» ካልሽ፣ ድርጅት መሥርተሻል።

ችግሩ ስም ስትፈልጊ ነው። «የመዳብ መቋቋም ዝቅተኛ ነው» ሰዋስዋዊ ስህተት የለበትም፤ ግን የፈተና ወረቀት ይሸታል። መጽሐፍሽ ውስጥ አንድ ደረቅ ሊቅ ካለ እሱ ይበለው። እረኛው አይለውም።

«ሰበቃ»ን እኔ አልመርጥልሽም። ሁለት ነገሮች ሲፋተጉ ነው ሰበቃ የሚባለው። ያንቺ ሙሓዝ ደግሞ የሚሄደው ነገሩ ውስጥ ለውስጥ ነው። በዚያ ላይ «ጦር ሰበቀ» የሚለው ቃል ገና አልሞተም። ጦርነት ባለበት ልብ ወለድ «ሰበቃው በረታ» ካልሽ አንባቢሽ ጋሻ ይፈልጋል።

ባለፈው የቤታችን የኤሌክትሪክ ምጣድ አልግል ብሎ ጠጋኝ ዘንድ ወሰድኩት። ልጁ ገለበጠውና ሸክላው ውስጥ የተጠማዘዘውን ሽቦ በጣቱ እየተከተለ አንድ ቦታ ላይ ቆመ። «ሬዚስታንሱ ተበጥሷል ጋሼ» አለኝ። ያንቺ ድንጋይ የሚሠራውን ሥራ ያ ሽቦ ነው የሚሠራው፤ የሚያልፈውን ይይዛል፣ በመያዙም ይግላል፣ እንጀራውም ይበስላል። ሙያተኛው በተውሶ ቃል ተገላግሏል። ያንቺ ጠንቋይ ግን «ሬዚስታንስ» ቢል ቆቡ ከራሱ ላይ ይወድቃል።

እኔ ብሆን «ልጓም» እል ነበር። የፈረሱ ልጓም። ምክንያቴ፣ ቃሉ ብቻውን አይመጣም፤ ቤተሰቡን ይዞ ነው የሚመጣው። የመዳብ ልጓም የላላ ነው፤ የጥቁር ድንጋይ ልጓም የጠበቀ ነው። መለኪያ አገኘሽ ማለት ነው። ኃይሉ ገፍቶ ሲያልፍ «ሙሓዙ ልጓሙን በጠሰ» ትያለሽ። ምንም የማይዘው ነገር ካለ «ልጓም የለሽ» ነው፤ ይህን ለባለጌ ምላስም ስለምንለው አንባቢ መዝገበ ቃላት አይገልጥም። ሙቀቱም ቢሆን አይጠፋም፤ የጠበቀ ልጓም የፈረስ አፍ ያቆስላል። «ሙሓዝ» እንደሆነ በግዕዝ ወራጅ ውኃ፣ ጅረት ነው። ጅረት ላይ ልጓም ማግባት ትንሽ ይጎረብጣል፤ ግን ጆሮዬ ተቀብሎታል።

አንድ ቅሬታ ግን አለኝ። ልጓም ካለ የሚይዘው እጅ አለ። አንባቢሽ አምስተኛው ምዕራፍ ላይ ሲደርስ «ጋላቢው ማነው?» ማለቱ አይቀርም። መልስ ከሌለሽ ቃሉን ተዪው። መልስ ካለሽ፣ ሁለተኛ መጽሐፍ አገኘሽ።

እንበልና ድንጋዮችሽ ነፍስ አላቸው፣ ፈቅደውና እያወቁ ነው የሚይዙት። ያኔ ነገሩ ሌላ ነው። «እምቢታ» በይው፤ «የጥቁሩ ድንጋይ እምቢታ»። «ልግመት» ግን አይሆንም። የሚለግመው አልሄድ ያለው አህያ ነው፤ ስለዚህ ጥፋቱን ወደ ሙሓዙ ይወስደዋል እንጂ ወደ ድንጋዩ አያመጣውም።

ወደ «አስማቶች» ልምጣ። በግዕዝ «አስማት» ራሱ ብዙ ቁጥር ነው፤ የ«ስም» ብዙ። ስሞች ማለት ነው። በክታብ ላይ የሚደረደሩት ኅቡእ ስሞች ናቸው ነገሩን ያመጡት። ስለዚህ «አስማቶች» ብዙ ላይ ብዙ ነው። ግን «መላእክቶች» የሚል ሕዝብ ይህን ቢል አልቆጣም። በአማርኛ «አስማት» ነጠላ ሆኖ ከኖረ ቆይቷል፤ ትረካሽ ውስጥ እንደልብሽ ተጠቀሚበት። ክታብ የሚጽፈው ደብተራ ሲናገር ግን «አስማት» ብቻ ይበል። እሱ ያውቃል።