መልስ፦ ቦኒ ማነው?

«ቦኒ የሚሉት ብራዚላዊ ጋዜጠኛ ነው ወይስ የግሎቦ ቴሌቪዥን ባለቤት?» ላልከው፣ ሁለቱንም አይደለም። ባለቤቱ ሮቤርቶ ማሪኞ ነበር። ቦኒ፣ በሙሉ ስሙ ዦዜ ቦኒፋሲዮ ጂ ኦሊቬይራ ሶብሪኞ፣ ጣቢያውን ጣቢያ ካደረጉት ፕሮዲዩሰሮች አንዱ ነው። በ1935 እ.ኤ.አ. ሳኦ ፓውሎ አጠገብ ኦሳስኮ ተወለደ። በሬዲዮና በማስታወቂያ ሥራ አልፎ በ1967 ግሎቦ ገባ።

እኔን የሚገርመኝ እነ ቦኒ ለግሎቦ ያወጡት የማታው ፕሮግራም አደራደር ነው። መጀመሪያ ቴሌኖቬላ (ተከታታይ ድራማ)፣ ቀጥሎ ዜና፣ ከዚያ ሌላ ቴሌኖቬላ። ድራማውን የሚጠብቅ ሰው ወደደም ጠላም ዜናውን ያያል! ዜናው በ1969 የተጀመረው «ጆርናል ናሲዮናል» ነው። ጊዜው ደግሞ የወታደር አገዛዝ ነበር፣ ሳንሱሩ ቀልድ አያውቅም። በ1975 «ሮኬ ሳንቴይሮ» የተባለውን ቴሌኖቬላ ሊጀመር ሲል አገዱት። ከ10 ዓመት በኋላ እንደገና ተሠርቶ ሲታይ አገሩን ጉድ አሰኘ።

የእሑዱን «ፋንታስቲኮ» የተባለ ፕሮግራም በ1973 ያስጀመረውም እሱ ነው፤ የመክፈቻ ዘፈኑን ግጥም ሳይቀር ጽፏል። ከግሎቦ ከለቀቀ በኋላ ቲቪ ቫንጓርዳ የተባለ የራሱን ጣቢያ አቋቋመ። ሰዎች አንድ ቤት ተዘግተው በካሜራ የሚታዩበትን ውድድር፣ የብራዚሉን ቢግ ብራዘር፣ ለዓመታት የመራው ቦኒኞ ግን ልጁ ነው፤ ስማቸው ስለሚመሳሰል ስትፈልግ እንዳይምታታብህ።