ድምፅ የሚሰማ ክሪስታል፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ በምጽፈው ምናባዊ ልብ ወለድ ውስጥ አንዲት ልጅ ስታዜም ብቻ የሚበራ ክሪስታል አለ። ረቂቁን ያነበቡ ጓደኞቼ «በር ሲንኳኳ፣ ውሻ ሲጮኽስ ለምን አይበራም?» ብለው አፋጠጡኝ። ምን ልበላቸው?

መልስ፦ መልሱ ያለው በክሪስታሉ ቅርፅ ላይ ነው። ማንኛውም ጠጣር ነገር በመጠኑና በቅርፁ የሚወሰን የራሱ ድግግሞሽ (በሰከንድ የሚነዝርበት ብዛት) አለው። ከዚያ ጋር የሚገጥም ድምፅ ሲደርሰው ንዝረቱ እየተደራረበ ያድጋል፤ የማይገጥመው እምብዛም አያነቃንቀውም። የውሻ ጩኸትም ሆነ የበር ኳኳታ አጭርና በብዙ ድግግሞሽ ላይ የተበተነ ስለሆነ ለአንዱ ድግግሞሽ የሚደርሰው ኃይል ጥቂት ነው።

ችግሩ፣ ደራሲዎች የሚወዱት ጣት የሚያህል ድፍን ክሪስታል ለሰው ድምፅ ደንቆሮ መሆኑ ነው። በተለመደው የክሪስታል ዓይነት፣ በኳርትዝ፣ ውስጥ ድምፅ በሰከንድ 5,700 ሜትር ገደማ ይጓዛል። የ10 ሴንቲ ሜትር ዘንግ በቁመቱ ሲለጠጥና ሲኮማተር በሰከንድ 28,500 ጊዜ ያህል ይነዝራል፤ የሰው ጆሮ ደግሞ ከ20,000 በላይ አይሰማም። በዚህ ዓይነት ንዝረት ለ440 ኸርዝ (በሰከንድ 440 ንዝረት) መልስ እንዲሰጥ ከፈለጉ 6.5 ሜትር የሚረዝም ምሰሶ ያስፈልግዎታል። ለቤተ መቅደስ ዓምድ ግሩም ነው፤ ለአንገት ጌጥ ግን አይሆንም።

ስለዚህ ክሪስታሉን ያሳሱት። ስስ ሰሌዳ ሲጎብጥና ሲቃና ድግግሞሹ በጣም ይወርዳል። 10 ሴንቲ ሜትር ርዝመትና 1 ሚሊ ሜትር ውፍረት ያለው የኳርትዝ ሰሌዳ፣ ሁለቱም ጫፎቹ ነጻ ከሆኑ፣ 586 ኸርዝ አካባቢ ይነዝራል፤ ይህን ቃና ልጅቷ ሳትጨነቅ ትደርስበታለች። ውፍረቱ እጥፍ ሲሆን ድግግሞሹም እጥፍ ይሆናል፤ ርዝመቱ እጥፍ ሲሆን ግን ወደ ሩብ ይወርዳል። 14 ሴንቲ ሜትር ቢያደርጉት 300 ኸርዝ ገደማ ያገኛሉ።

አያያዙን አይርሱ። በ10 ሴንቲ ሜትሩ ሰሌዳ ላይ የማይነቃነቁት ሁለት መስመሮች ብቻ ናቸው፤ ከየጫፉ 2.2 ሴንቲ ሜትር ገባ ብለው ይገኛሉ። ክሩ እዚያ ይታሰር። በመዳፍ ከተጨበጠ ንዝረቱ ወዲያው ይሞታል። ጠላትም ክሪስታሉን መስበር አያስፈልገውም፤ ጫፉ ላይ አንድ ጠብታ ሰም ቢያንጠባጥብ ቃናው ይወርዳል፣ የልጅቷም ዜማ አይገጥመውም።

ጥያቄ፦ ተጫዋቹ በማይክሮፎን ሲያዜም የሚከፈት የክሪስታል በር ያለበት ጌም እየሠራን ነው። በሩ ወይ በሁሉም ድምፅ ይከፈታል፣ ወይ ጭራሽ አይከፈትም።

መልስ፦ የመቀበያውን ስፋት፣ ማለትም በሩ ከተመረጠው ቃና ምን ያህል የራቀ ድምፅ እንደሚቀበል፣ በትክክል አልመጠናችሁትም። በእውነተኛው ዓለም መራጭ ክሪስታል ቀርፋፋ ነው፦ በ586 ኸርዝ ላይ 0.3 ኸርዝ ስፋት ብቻ የሚቀበል ክሪስታል ለመንቃት አንድ ሰከንድ ያህል ይወስድበታል፤ ድምፁ ከቆመም በኋላ ያንኑ ያህል ያስተጋባል። የሰው ድምፅ ደግሞ በዚህ ጠባብ ክልል ውስጥ ጸንቶ አይቆይም፤ የሚርገበገብ ድምፅ ያለው ዘፋኝ በአሥርና ከዚያ በላይ ኸርዝ ሊዋዥቅ ይችላል። ግማሽ ቃና ማለት 6 በመቶ፣ እዚህ ላይ 35 ኸርዝ ነው። ስፋቱን 12 ኸርዝ አድርጉና ድምፁ ለግማሽ ሰከንድ ያህል እዚያው እንዲቆይ ጠይቁ። ዝቅ ባለ ድምፅ 293 ኸርዝ ላይ የሚያዜም ሰውም በሩን ቢከፍት ስሕተት አይደለም፤ በድምፁ ውስጥ እጥፉ፣ 586ቱ፣ አብሮ አለ። እኛ ብንሆን ይህን አናርመውም፤ እንደ ምስጢር እንተወዋለን።

ጥያቄ፦ ብርሃኑ ከድምፁ ኃይል ይመጣል ብል ያስኬዳል?

መልስ፦ አያስኬድም። መደበኛ ንግግር (60 ዴሲቤል) በአንድ ካሬ ሜትር ላይ የሚያሳርፈው ኃይል የዋት አንድ ሚሊዮንኛ ነው። 10 በ1 ሴንቲ ሜትር የሆነ ሰሌዳ ከዚህ የሚደርሰው የዋት አንድ ቢሊዮንኛ ብቻ ነው፤ ይህ ኃይል ደግሞ ትንሿን ጠቋሚ መብራት እንኳ አያበራም። ድምፁ ቁልፍ ይሁን፣ ኃይሉ ግን አስቀድሞ ተጠራቅሞ ይቆይ። ለዚህ ኳርትዝ ራሱ ጥሩ ምሳሌ ነው፦ ከአካባቢው ጨረር የሚያገኘውን ኃይል ለሺህ ዓመታት ያጠራቅማል፣ ሲሞቅ በደብዛዛ ብርሃን ይለቀዋል፤ የጥንት ሸክላ ዕድሜ የሚለካበት አንዱ ዘዴም ይኸው ነው። አንዴ የለቀቀው ግን ቶሎ አይተካም። በታሪክዎም ውስጥ ክሪስታሉ ስንት ጊዜ ሊበራ እንደሚችል ከአሁኑ ይወስኑ።

ጥያቄ፦ በእጅ የሚያዝ እውነተኛ ድምፅ ሰሚ ክሪስታል ቤት ውስጥ መሥራት ይቻላል?

መልስ፦ ይቻላል፤ ሮሼል ጨው ይባላል። ክሪስታል ሲጫን ኤሌክትሪክ እንደሚያመነጭ ዣክና ፒየር ኩሪ እ.ኤ.አ. በ1880 ካሳዩባቸው ቁሶች አንዱ ነው፤ በኋላም በማይክሮፎንና በሸክላ ማጫወቻ ውስጥ አገልግሏል።

45 ግራም ቤኪንግ ሶዳ በ200 ዲግሪ ኦቨን ውስጥ ለአንድ ሰዓት ያቆዩ፤ ሚዛኑ ወደ 28 ግራም ሲወርድ ደርሷል። 100 ግራም ክሪም ኦፍ ታርታር (ለመጋገሪያ የሚያገለግል ኮምጣጣ ነጭ ዱቄት) በ125 ሚሊ ሊትር ውኃ በጥብጠው ዕቃውን ሙቅ ውኃ ውስጥ ያስቀምጡና ሶዳውን በሙሉ ግማሽ ግማሽ የሻይ ማንኪያ እያደረጉ ይጨምሩ፤ በአንዴ ከጨመሩ ገንፍሎ ይፈሳል። አረፋ መስጠቱን ሲያቆምና ፈሳሹ ሲጠራ በትኩሱ ያጥልሉት፣ ከድነውም ያሳድሩት። ከሚወጡት ቅንጣቶች ጥርት ያለውን በቀጭን ክር አስረው በቀረው ፈሳሽ ውስጥ ያንጠልጥሉ። ቅንጣቱ ከሟሟ ፈሳሹ ቀጥኗል ማለት ነው፤ ጥቂት ውኃ ይተንለት። የደቀቀ ብዙ ፍሬ ከወጣ የቀዘቀዘው በፍጥነት ነው።

አውራ ጣት ሲያህል አውጥተው ያድርቁት፣ በሁለት ትይዩ ፊቶቹ ላይ የአሉሚኒየም ፎይል አጥብቀው ከአምፕሊፋየር (የኤሌክትሪክ ምልክትን ከሚያጎላ መሣሪያ) የማይክሮፎን መግቢያ ጋር ያገናኙት። በጥፍር ሲቧጥጡት ከድምፅ ማጉያው ይሰማል። ካልተሰማ ፎይሉን ወደ ሌላ ጥንድ ፊት ያዛውሩ፤ ኤሌክትሪኩ በሁሉም አቅጣጫ እኩል አይወጣም። ከ55 ዲግሪ በላይ ሙቀት ያበላሸዋል፣ ደረቅ አየር ነጭ ዱቄት ያለብሰዋል፣ እርጥበት ያሟሟዋል፤ ስለዚህ ሽቦውን ካያያዙ በኋላ ቀለም የሌለው የጥፍር ቀለም ይቀቡት።