«አደይ» የሚለው የሴት ልጅ ስም፦ ጥያቄና መልስ

የጣርማበር መምህር፦ ሰላም ለሁላችሁ። ባለፈው ሳምንት አንዲት እናት ልጇን «አደይ» ልትላት እንዳሰበች ጽፋ ነበር። ከዚያ ወዲህ ብዙዎቻችሁ በውስጥ መስመር ስለጠየቃችሁኝ እዚሁ ሁሉም በሚያየው ቦታ ልመልስ። ሥነ ሕይወት ሳስተምር የኖርኩ ሰው ነኝ፤ ተክሉን አውቀዋለሁ፣ ስም መሰብሰብም እወዳለሁ። ከመጠየቃችሁ በፊት ሁለት ነገር ያዙልኝ። አንደኛ፣ የአባቷን ስም ሳትጽፉ «ያምራል ወይ?» አትበሉኝ። በእኛ አገር ስም ከአባት ስም ጋር ነው የሚጠራው። ሁለተኛ፣ ኢንተርኔት ላይ «አደይ» እየተባለ የሚለጠፈው ቢጫ አበባ ብዙ ጊዜ ሌላ ነው፤ የሱፍ አበባ ሳይቀር አይቻለሁ። አበባውን ሳታውቁት ስሙን አታውጡ።

ማሂ፦ መምህር እንደምን ዋሉ? «አደይ» የድሮ ስም ነው ወይስ ዘመን አመጣሽ? ትርጉሙስ?

የጣርማበር መምህር፦ «አደይ» መስከረም ላይ የሚፈካው ቢጫ አበባ ስም ነው። አበባው የድሮ ነው፣ የሰው ስም ሆኖ በብዛት መሰማቱ ግን የቅርብ ጊዜ ነው። አያቶቻችን ሲሰይሙ በልጅቷ ስም የሚናገሩት የራሳቸውን ነገር ነበር። «አበባየሁ» ያለች እናት ያየችውን ደስታ ትናገራለች። «አበበች» ያለ አባት ቤቱ ውስጥ የሆነውን ይናገራል። «ጽጌ» የሚሉት ደግሞ ከግእዙና ከቤተ ክርስቲያኑ ወስደው ነው። የዛሬ ወላጅ አንዱን አበባ መርጦ በራሱ ስም ይጠራታል። አጭር ነው፣ ለአፍ ይቀላል፣ ሲጠሩት ደግሞ መስከረምን ይዞ ይመጣል። የተወደደበት ምክንያት ይኸው ነው፤ እኔም እወደዋለሁ።

አሁን አበባውን ላሳያችሁ። መስከረም ላይ በጣርማበር በኩል ስታልፉ መኪናችሁን አቁሙና አንዷን ቀንጥሳችሁ በቅርብ እዩ። አንድ አበባ የምትሉት አንድ አይደለም። ዙሪያውን ያሉት ቢጫ ቅጠሎች እያንዳንዳቸው ራሳቸውን የቻሉ አበቦች ናቸው። መሀል ላይ ያለው ክብ ደግሞ በጥቃቅን አበቦች የተጠቀጠቀ ነው፤ በጥፍራችሁ ገለጥ ብታደርጉት አንድ በአንድ ይለያያሉ። ሳይንሳዊ ስሙ ቢደንስ ማክሮፕቴራ ነው፤ በስሙ ጫፍ ላይ የኢትዮጵያዊው የዕፅዋት ሊቅ የመስፍን ታደሰ ስም ይጻፋል። «ቢደንስ» ባለ ሁለት ጥርስ ማለት ነው፣ ከዘሩ ቅርጽ የመጣ። «ማክሮፕቴራ» ባለ ትልቅ ክንፍ፤ እሱም ዘሩ ነው። በነገራችን ላይ ልብሳችሁ ላይ የሚጣበቀው ጨጎጎት የዚሁ ወገን ነው። ዘመዳሞች ናቸው።

ቤቢ22፦ ለሴት ልጅ አሪፍ የአበባ ስም ንገሩኝ

የጣርማበር መምህር፦ ይህ ጥያቄ አይደለም። የአባት ስም፣ የት እንደምትኖሩ፣ በምን ቋንቋ እንደምታሳድጓት ጻፊልኝ።

ሳምሪ ከሐዋሳ፦ መምህር፣ እኔና ባለቤቴ ተስማምተናል። አማቴ ግን «አበባ ይረግፋል፣ ለልጅ ጥሩ አይደለም» ብለው ተከፍተዋል። ከመጽሐፍም ጠቀሱልኝ። ምን ልበላቸው?

የጣርማበር መምህር፦ የጠቀሱልሽ ኢሳይያስ 40 ቁጥር 8 ይሆናል፤ «ሣሩ ይደርቃል፣ አበባውም ይረግፋል» የሚለው። ልክ ናቸው፣ ቃሉ አለ፤ አትከራከሪያቸው። ነገር ግን በዚያችው ቤተ ክርስቲያን ከመስከረም 26 እስከ ኅዳር 5 አርባ ቀን ዘመነ ጽጌ ይባላል። ሊቃውንቱ ሌሊቱን ቆመው ማኅሌተ ጽጌ ሲያደርሱ እመቤታችንን በአበባ፣ ልጇንም በአበባና በፍሬ እየመሰሉ ነው። አበባ ረጋፊ ነው ብሎ የተወው የለም። የተክሉን ነገርም ንገሪያቸው። አደይ የአንድ ዓመት ተክል ነው። ክረምቱ ሲገባ ይበቅላል፣ ዝናቡ ሲያባራ ያብባል፣ ፀሐይ ስትበረታ ይደርቃል። ከመድረቁ በፊት ግን ዘሩን መሬት ላይ ጥሎ ነው። በሚቀጥለው ዓመት ማንም ሳያርስ፣ ማንም ሳይዘራ እዚያው ተረተር ላይ ይመለሳል። እስቲ ይህን ይስሙና ይፍረዱ። ከዚያ በኋላም እምቢ ካሉ ሌላ ስም ፈልጊ፤ አያት ያልወደደችው ስም ቤት ውስጥ አይጠራም።

ዘመናይ፦ እኔ ግን የካፌና የውበት ሳሎን ስም ይመስለኛል። ሰው ፋሽን እየተከተለ ነው።

የጎጃሟ፦ ዘመናይ፣ ካፌው ከአበባው ወሰደ እንጂ አበባው ከካፌው አልወሰደም! እኛ አገር ለአዲስ ዓመት ዋዜማ ልጃገረዶች እንግጫ የሚባለውን ሣር ነቅለን፣ አደይ ለቅመን፣ አንድ ላይ ጎንጉነን ነበር ያደግነው። በማግስቱ ጠዋት ምሰሶው ላይ ይታሰራል። እኔ ይህን ስም ስሰማ ሳሎን አይታየኝም።

ዘመናይ፦ እሱ የገጠሩ ነው። አዲስ አበባ ላይ «አበባየሆሽ» የሚሉት ልጆች እንኳ ለምለም ሣሩን ትተው ገንዘብ ብቻ ሆነዋል።

ኪዳኔ፦ የወንዶቹም ሥዕል በእጅ መሣሉ ቀርቶ የታተመ ሆኗል። እኛ በከለር እርሳስ ስንት ሌሊት አድረን ነበር የምንሥለው።

የጎጃሟ፦ አሁንም የሚሥሉ አሉ፣ ሁሉን አትጨፍልቁ።

የጣርማበር መምህር፦ የሥዕሉ ነገር ሌላ ቀን። ዘመናይ፣ ፋሽን የሆነው ስሙ ነው ብለህ ከሆነ ተቀበልኩ። አበባው ግን ደመራ ጫፍ ላይ ሲታሰር የኖረ ነው። ወደ ጥያቄው እንመለስ።

ሄዋን፦ አደይ ማለት ምን ማለት ነው?

የጣርማበር መምህር፦ ከላይ መልሻለሁ። አንብቢ።

ሰላም የመቀሌ፦ መምህር፣ ባለቤቴ አማራ ነው፣ እኔ ትግራይ። በእኛ ቋንቋ «ኣደይ» እናቴ ማለት ነው፤ ትልልቅ ሴቶችንም በአክብሮት የምንጠራበት ነው። ሕፃን ልጅ «ኣደይ» ብዬ ልጥራ? እናቴ ሳቀች።

የጣርማበር መምህር፦ ጥሩ ጥያቄ ነው፤ ብዙ ሰው ሳያስበው ይሰይማል። ስሙን ነውር የሚያደርግ ነገር የለበትም። አማርኛ ተናጋሪዎችስ ሴት ልጃቸውን «እማዬ»፣ «እናቴ» እያሉ አይደል የሚያቆላምጡት? በእናንተ ቤት ግን አንዲት አሮጊት እና አንዲት ሕፃን በአንድ ጊዜ «አቤት» ሊሉ ነው። እናትሽ የሳቁት በደስታ ከሆነ አውጪው። ካልሆነ «ጽጌ» ለሁለታችሁም ቤት ይሆናል፤ ከግእዝ ስለሆነ ማንም አይከፋበትም።

ኪዳኔ፦ ጽጌ የአሮጊት ስም ነው መምህር።

ሰላም የመቀሌ፦ የአክስቴ ስም ነው፣ አሮጊት አይደለችም!

የጣርማበር መምህር፦ ኪዳኔ፣ ዛሬ ሕፃን የሆኑት ሁሉ አንድ ቀን ያረጃሉ። «አደይ»ም የአሮጊት ስም ይሆናል። ስም ስትመርጡ ሰባ ዓመት የሞላት ሴት «እትዬ አደይ» ተብላ ስትጠራ አስቡ። ለእኔ ያምራል።

ቶላ ከአዳማ፦ አባትየው እኔ ነኝ፣ ኦሮሞ። ሚስቴ ወሎዬ ናት፣ «አደይ» ትላለች። እኔ በአፋን ኦሮሞ ብፈልግስ?

የጣርማበር መምህር፦ ቶላ፣ እናንተ እኮ የተጣላችሁት በአንድ አበባ ነው። ሚስትህ አደይ የምትለውን ቢጫ አበባ በአፋን ኦሮሞ «ኬሎ» ነው የምትሉት። ክረምቱ አልፎ «ቢራ» የምትሉት ወቅት ሲገባ የሚፈካው፣ ኢሬቻ ላይ ከእርጥብ ሣሩ ጋር በእጅ የሚያዘው። «ኬሎ»ም ስም ሆኖ ይወጣል። ሦስተኛ መንገድ ከፈለጋችሁ «ደራርቱ» አለ፤ እሱም ከማበብ የመጣ ነው። ደራርቱ ቱሉ በ1984 ዓ.ም. ባርሴሎና ላይ በ10,000 ሜትር ወርቅ ስታገኝ ብዙ ቤት ይህ ስም ገብቷል ብዬ አምናለሁ። እኔን ብትጠይቀኝ አንዱ የመዝገብ፣ አንዱ የቤት ስም ይሁንና ልጅቷ ሁለቱንም ትወቅ። ሁለቱም ሲጠሯት ያንኑ አበባ ታስባለች።

ቶላ ከአዳማ፦ ይህን ለሚስቴ አሁኑኑ ላነብላት ነው። አመሰግናለሁ።

እናት ዱባይ፦ እዚህ ዓረብ አገር ወረቀት ላይ ሲጻፍ ችግር አለው?

የጣርማበር መምህር፦ አለው፤ ተጠንቀቂ። በዓረብኛ «ዑደይ» የሚባል የታወቀ የወንድ ስም አለ፤ የሚጻፈው በዐይን ነው። የአንቺ ልጅ ስም በአሊፍ እንዲጻፍ አድርጊ። ጸሐፊው የሰማውን እንዳይጽፍልሽ አንቺው ጽፈሽ ስጪው።

ሙኒክ፦ በጀርመንስ?

የጣርማበር መምህር፦ የፈረንጅ ቋንቋ ላይ አልፈርድም። እዚያ ያሳደጋችሁ መልሱ።

አቤል ፍራንክፈርት፦ ሙኒክ፣ በላቲን መጨረሻው ኢ እና ዋይ ከሆነ ጀርመኖች «አዳይ» ብለው ነው የሚያነቡት። ከመዋዕለ ሕፃናቱ ጋር አንድ ቀን ቁጭ ብለህ ካስረዳሃቸው ይለምዱታል። የልደት ወረቀቱና ፓስፖርቱ ላይ ያለው አጻጻፍ ግን አንድ ይሁን።

ከነታንያ፦ እስራኤል ያላችሁ ደግሞ «አዲ» እንዳይሏት ተዘጋጁ። በዕብራይስጥ ጌጥ ማለት ነው፣ ለወንድም ለሴትም የሚወጣ በጣም የተለመደ ስም ነው። የእኔዋን ሰፈሩ ሁሉ አዲ ነው የሚላት፤ ቤት ስትገባ አደይ ናት።

የጣርማበር መምህር፦ ሁለታችሁንም አመሰግናለሁ።

ሊሊ እናት፦ ሊሊ፣ ሮዛ፣ ጃስሚን ከሚሉት ጋር ሲወዳደር?

የጣርማበር መምህር፦ አይወዳደርም። ሮዛ ብትዪ የሚታይሽ የአበባ መሸጫ ባልዲ ውስጥ ያለው ነው። የውጭ ጣዕም ያለው ከፈለግሽ ከመጽሐፉ የገቡትን እዪ። ሶስና አለ፣ እሱም በመጽሐፉ «ሱፍ» ከተባለው የሜዳ አበባ ጋር የተያያዘ ነው፤ ከላይ ካልኩት የሱፍ አበባ ሌላ ነው። ናርዶስ አለ፣ በመኃልየ መኃልይ የተጠቀሰው ሽቱ። እነዚህ ቤታችን ኖረዋል። ውጭም ሲጠሯቸው አያስቸግሩም።

ትዕግስት፦ ካህኑ «ይህ የክርስትና ስም አይደለም» ቢሉስ?

የጣርማበር መምህር፦ ልክ ብለዋል፣ አይደለም። ሴት ልጅ በ80 ቀኗ ስትጠመቅ የክርስትና ስሟን እሳቸው ይሰጧታል፣ ወለተ ማርያም ይሁን ሌላ። «አደይ» የዓለም ስሟ ነው። አይጋጩም።

ናቲ፦ ልጃችን የተወለደችው ጥር ላይ ነው። ጥር ላይ አደይ የለም። ይሆናል?

የጣርማበር መምህር፦ ይሆናል። መስከረም ሲመጣ ግን ይዛችኋት ውጡ። አዲስ አበባ ከሆናችሁ እንጦጦ ድረስ፣ ሌላ ቦታ ከሆናችሁ በአቅራቢያችሁ ወዳለው ደጋ። በእጇ ትያዘው፣ ታሽትተው። ስሟን በስልክ ላይ ፎቶ ብቻ አይታ እንዳታድግ። ፎቶው ደግሞ የሱፍ አበባ ይሆናል፣ ነግሬያችኋለሁ።

ሄለን፦ ያምራል? አደይ ማለቴ ነው

የጣርማበር መምህር፦ የአባት ስም። ለስንተኛ ጊዜ ልበል።

ሄለን፦ ይቅርታ መምህር፣ አበበ ነው።

የጣርማበር መምህር፦ ሄለን፣ ይህን ቀድመሽ ብትነግሪኝ! «አደይ አበበ» እኮ ሙሉ ዓረፍተ ነገር ነው። አደዩ አበበ፣ ፈካ። መስከረም ላይ ማንኛውም ገበሬ ደጁ ቆሞ የሚለው ነው። ሌላ ስም አትፈልጊ። አንድ ነገር ብቻ፦ «ይ» እና «አ» ስለሚጋጠሙ ቶሎ ሲሉት «አደያበበ» ሆኖ ይሰማል፤ ትምህርት ቤት ስም ሲጠራ ትንሽ ቆም ብለው እንዲጠሯት ታስለምዳቸዋለች። ይህ በ«አ» ለሚጀምር የአባት ስም ሁሉ ነው፤ አየለ፣ አለሙ፣ አሰፋ ያላችሁ ጮክ ብላችሁ ሞክሩት። ተስፋዬ፣ ግርማ፣ መኮንን ያላችሁ ግን ምንም አይገጥማችሁም።

ዘመናይ፦ «አደይ አበበ»ን ወድጄዋለሁ። ይህንን እቀበላለሁ።

የጎጃሟ፦ እልል! ዘመናይ ተረታ።

ሄለን፦ ባለቤቴ ሰምቶ ዝም ብሎኛል፣ ዓይኑ ግን እንባ አቅርሯል። ምዝገባው ላይ የምጠነቀቀው ነገር አለ?

የጣርማበር መምህር፦ ልደት በ90 ቀን ውስጥ ወሳኝ ኩነት ጽሕፈት ቤት ይመዘገባል፣ አታዘግዩት። ምስክር ወረቀቱን ሳትፈርሙ ፊደል በፊደል አንብቡ። «አ» ነው፣ «ዐ» አይደለም። «ደ» ነው፣ «ዴ» አይደለም። በላቲን የተጻፈውንም ከአባትየው መታወቂያ ጋር አስተያዩ። ስህተት ካለ እዚያው ይታረም፤ በኋላ ማሳረም ብዙ ያመላልሳል።

ቤቢ22፦ መምህር፣ የአባት ስም ታደሰ፣ የምንኖረው ደሴ፣ አማርኛ።

የጣርማበር መምህር፦ አሁን ጥያቄ ሆነ። «አደይ ታደሰ» ጥሩ ነው፤ አይጋጭም። ደሴ ካላችሁ አበባውም ከደጃችሁ ነው፣ ጦሳ ተራራ ላይ ውጡና እዩት። ለዛሬ ይበቃኛል፤ የቀራችሁ የአባት ስም እየጻፋችሁ ጠይቁ፣ ነገ ማታ እመለሳለሁ።