አባትሽ ሳሉ ሲነሳባቸው አንቲባዮቲክ መቼ ያስፈልጋል?

እህቴ፣ «አባቴ ሲኦፒዲ (የአየር ቧንቧን የሚያጠብ ሥር የሰደደ የሳንባ ሕመም) አለባቸው፤ ሳሉ በተነሳባቸው ቁጥር አሞክሳሲሊን እንገዛላቸዋለን፤ በእውነት የሚያስፈልገው መቼ ነው?» ላልሽው፦ ሁልጊዜ አያስፈልግም። ሕመሙን ብዙ ጊዜ የሚቀሰቅሰው የጉንፋን ቫይረስ ነው፤ የማገዶና የኩበት ጭስም አለ። አንቲባዮቲክ እነዚህን አይነካም፣ የጠበበውን የአየር ቧንቧም አይከፍትም።

ሦስት ነገር ተመልከቺ። ትንፋሻቸው ከወትሮው ይበልጥ አጥሯል? አክታቸው በዝቷል? መልኩስ ወደ ቢጫ ወይም አረንጓዴ ዞሯል? መለኪያው እ.ኤ.አ. በ1987 በካናዳ ዊኒፔግ ከተሠራ ጥናት የመጣ ነው፣ ሐኪሞች ዛሬም ይሠሩበታል። ሦስቱም ካሉ አንቲባዮቲክ ይጀመራል። ሁለት ብቻ ከሆኑ አንዱ የግድ የመልክ ለውጥ መሆን አለበት።

እኔ ቅድሚያ የምሰጠው ለመልኩ ነው። አረንጓዴው ቀለም የሚመጣው ኢንፌክሽን ለመዋጋት ከሚሰበሰቡ ነጭ የደም ሴሎች ስለሆነ፣ ነጭ የነበረው አክታ አረንጓዴ ሲሆን ባክቴሪያ የመኖሩ ዕድል ይጨምራል። አክታውን ማየቱ ግን ጥንቃቄ ይፈልጋል። ጠዋት መጀመሪያ የሚወጣው ሌሊቱን ተጠራቅሞ ያደረ ነውና ጠቆር ሊል ይችላል። አፋቸውን በውኃ ተጉመጥምጠው ቀጥሎ የሚወጣውን ነጭ ሶፍት ላይ ይትፉ፣ አንቺም መስኮት አጠገብ እይው። ደህና በሆኑበት ሰሞንም መልኩን አስተውለሽ ያዢ፤ ሁሌም ቢጫማ የሚተፋ ሰው አለ፣ የሚፈለገው ለውጡ ነው። ያመነታችሁ እንደሆነ ሲአርፒ የሚባለው የደም ምርመራ ይረዳል፦ ከ20 ሚሊግራም በሊትር በታች ከሆነ አንቲባዮቲኩ የመጥቀም ዕድሉ አነስተኛ ነው።

መልኩ ካልተቀየረ ትኩረቱ የአየር ቧንቧውን በሚከፍተው፣ በሚሳበው መድኃኒት በሳልቡታሞሉ ላይ ይሁን። በስፔሰር (መድኃኒቱ ከመሳቡ በፊት በሚገባበት ባዶ ቱቦ) አንድ ጊዜ ተጭነው 4 ወይም 5 ጊዜ በዝግታ ይተንፍሱ፣ ከዚያ ሁለተኛውን ይጫኑ። ሁለቱን በአንድ ላይ ከተጫኑት ብዙው መድኃኒት የስፔሰሩ ግድግዳ ላይ ይቀራል። ሐኪም ካዘዘ ፕሬድኒሶሎን (የቧንቧውን እብጠት የሚቀንስ ስቴሮይድ) በቀን 40 ሚሊግራም ለ5 ቀን ይሰጣል፤ የ5 ሚሊግራሙ ከሆነ 8 ፍሬ በአንዴ፣ ጠዋት ከቁርስ በኋላ። ስኳር ካለባቸው በእነዚያ ቀናት ይለኩ፣ ከፍ ይላልና።

አንቲባዮቲክ ከታዘዘ አብዛኛውን ጊዜ 5 ቀን ይበቃል። አሞክሳሲሊን 500 ሚሊግራም በቀን ሦስት ጊዜ ነው፤ ፔኒሲሊን የማይስማማቸው ከሆነ ፈጽሞ አይወሰድም። ዶክሲሳይክሊን የመጀመሪያው ቀን 200፣ ከዚያ በየቀኑ 100 ሚሊግራም ነው። እሱን ከወተት፣ ከብረት ኪኒን ወይም ከጨጓራ ማስታገሻ ጋር አትስጫቸው፣ ሰውነት በደንብ አይቀበለውም። በሙሉ ብርጭቆ ውኃ ውጠው ግማሽ ሰዓት ሳይተኙ ይቆዩ፣ ጉሮሮ ላይ ከቀረ ያቆስላል። አዚትሮማይሲን የልብ ምት መዛባት ላለበት ሰው አደገኛ ሊሆን ይችላል።

ሲፕሮ የሚባለው አንቲባዮቲክም እንዲሁ በግምት አይገዛ፤ ቴዎፊሊን (የአየር ቧንቧ የሚከፍት መድኃኒት) የሚወስዱ ከሆነ በደም ውስጥ ያለውን የቴዎፊሊን መጠን ከፍ አድርጎ ማስመለስና የልብ ምት መፍጠን ያመጣል። ከዚያ ወገን የሆኑት እነ ሊቮፍሎክሳሲን ደግሞ ቲቢ ካለ ለጊዜው አሻሽለው ይደብቁታል። ሳሉ ከሁለት ሳምንት ካለፈ፣ የሌሊት ላብ፣ መክሳት ወይም አክታቸው ላይ ደም ካለ አስቀድሞ አክታቸው ጂን ኤክስፐርት ለሚባለው የቲቢ ምርመራ ይሰጥ። ቀድሞ ቲቢ ታመው ከነበረ ሳንባቸው ላይ ጠባሳ ወይም የሰፋ የአየር ቧንቧ ሊኖር ይችላል፣ ያኔ የ5 ቀኑ ደንብ አይሠራም። ካለፈው የተረፈ ኪኒንም አታስጀምሪ፤ ያለ ምክንያት በተደጋገመ ቁጥር ጀርሙ መድኃኒቱን እየተላመደ ይሄዳል።

አንድ ዓረፍተ ነገር መጨረስ ካቃታቸው፣ ከንፈራቸው ከጠቆረ፣ ከተምታታባቸው ወይም እንቅልፍ እንቅልፍ ካላቸው ቤት አትቆዩ። መድኃኒቱን ሁለት ሦስት ቀን ወስደው ካልተሻላቸውም ይታዩ። ድንገተኛ ክፍል ስትደርሱ ሲኦፒዲ እንዳለባቸው በቅድሚያ ንገሪ፤ ለእነሱ የሚፈለገው ጣት ላይ በሚደረገው መሣሪያ የሚለካው የደም ኦክስጅን ከ88 እስከ 92 በመቶ ነው፣ ከዚያ በላይ ሲበዛ ካርቦንዳይኦክሳይድ በደማቸው ሊጠራቀም ይችላል።