ጊታሪስቶቹ ሁሉ ግራኝ ነበሩ?

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ እንደምን ሰነበቱ? በ1940ዎቹ (እ.ኤ.አ.) የተሠሩ የአሜሪካ ጥቁር ሙዚቀኞችን አጫጭር ፊልሞች ዩቲዩብ ላይ እያየሁ ጊታር እለማመዳለሁ። አንዳንዶቹ ላይ ግን ጊታሪስቱም ቤዚስቱም ግራኝ ናቸው። ያን ጊዜ ግራኝ ይበዛ ነበር እንዴ?
የጊታር ተማሪ፣ ከጎንደር

መልስ፦ ግራኙስ ፊልሙ ነው፣ ልጄ።

ያየሃቸው ሳውንዲስ ይባላሉ። ሦስት ደቂቃ ገደማ የሚፈጁ የዘፈን ፊልሞች ናቸው። የሚታዩት ሲኒማ ቤት አልነበረም። ቡና ቤትና አውቶቡስ መናኸሪያ ውስጥ የሚቆም ፓኖራም የሚባል ማሽን ነበር፤ የቺካጎው ሚልስ ኖቨልቲ የሠራው። ቁም ሳጥን በለው፣ ከላይ ስክሪን ያለው። 10 ሳንቲም ስትከትበት አንድ ዘፈን ያሳይሃል።

ፕሮጀክተሩ እዚያው ሳጥን ውስጥ ነው። ቦታው ስለሚጠብ ምስሉ በመስታወት እየተንጸባረቀ ስክሪኑ ላይ ከጀርባ ያርፋል። መስታወት ደግሞ ቀኙን ግራ ያደርጋል። ስለዚህ ፊልሙን አስቀድመው ገልብጠው ያትሙታል፤ ማሽኑ ያቃናዋል። ኋላ ያንን ቅጂ ወደ ቪዲዮ የቀዳ ሰው ልብ ካላለ፣ ጊታሪስቱ ግራኝ ሆኖ ቀረ ማለት ነው።

አባቴ ልብስ ሰፊ ስለነበር እኔ ከእጅ በፊት ኮት ነው የማየው። የወንድ ኮት የደረት ኪስ በግራ ነው። መሀረቡ በዘፋኙ ቀኝ ደረት ብቅ ካለ ፊልሙ ተገልብጧል።

እኔን የሚገርመኝ ግን ምርጫ አለመኖሩ ነው። አንዱ ጥቅል ላይ ስምንት ፊልም በተርታ ተቀጥሏል፤ ሳንቲምህን ከትተህ ተራው የደረሰውን ታያለህ። ፒያኒስቱ ፋትስ ዋለር ገና አሁን አልፎህ ከሆነ እሱ እስኪመለስ ለሰባቱ 70 ሳንቲም ትገፈግፋለህ። እኛም ቪዲዮ ቤት ካራቴ ብለን ገብተን የህንድ ለቅሶ አይተን ወጥተናል። መምረጥ የሚቻልበት ስኮፒቶን የሚባል ማሽን ፈረንሳይ ውስጥ የወጣው በ1960 (እ.ኤ.አ.) ነው፤ 36 ፊልም፣ ያውም በቀለም።

ቪዲዮውን በስልክህ መልሰህ ልትገለብጠው ትችላለህ። ኮርድ ከጣታቸው ልቅዳ ብለህ ግን አትድከም። አብዛኛው ድምፁ ቀድሞ ተቀርጾ በፕሌይባክ የተሠራ ነው። አንዳንዴማ ጊታሩን ይዞ የሚታየው ሰውዬ የተጫወተው ሰውዬ አይደለም።